በቤት ብድር የተደገፈ ሰነድ የሚገዛ ሰው የሚገዛው ቤቱን ነው ወይስ የባለዕዳውን ወርሃዊ ክፍያ?

የመክፈቻ ጽሑፍ

የተከበራችሁ የመድረካችን ተሳታፊዎች፤ ሰሞኑን እዚህ ባሕር ዳር፣ በተለይ ውጭ አገር ዘመድ ባላቸው ቤተሰቦች ዘንድ፣ አንድ አስተያየት ሲደጋገም እሰማለሁ። አሜሪካ የሚኖሩ ወንድሞችና እህቶች ለጡረታ ከሚያስቀምጡት ገንዘብ ከፊሉ በቤት ብድር በተደገፈ ሰነደ መዋዕለ ንዋይ ላይ እንደዋለ ይነግሩንና፣ ከጀርባው ቤት ስላለ አይከስርም ይሉናል። የኢትዮጵያ ሰነደ መዋዕለ ንዋዮች ገበያ ጥር 2 ቀን 2017 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ከተከፈተ ወዲህ ደግሞ፣ ይህ ዓይነቱ ሰነድ ውሎ አድሮ ለእኛም መምጣቱ አይቀርም፣ ሲመጣም ከባንክ አክሲዮን ይልቅ አስተማማኝ ይሆናል የሚል ተስፋ ተጨምሮበታል።

እኔ ግን ይህን ሰነድ የሚገዛ ሰው ቤት አይገዛም እላለሁ። የሚገዛው በማያውቃቸው ብዙ ሰዎች ገቢ ላይ የተመሠረተ፣ በየወሩ የሚሰበሰብ የዋና ገንዘብና የወለድ ክፍያ ነው። ባንክ ለቤት ገዢዎች የሰጣቸውን ብዙ ብድሮች አሰባስቦ ለዚሁ ሥራ ብቻ ለተቋቋመ ልዩ ድርጅት ይሸጣል፤ ድርጅቱ ለግዢው የሚሆነውን ገንዘብ የሚያገኘው ለባለገንዘቦች ሰነድ በመሸጥ ነው፤ ከዚያ በኋላ ባለዕዳዎቹ የሚከፍሉት ሁሉ የማስተዳደሪያ ወጪ ተቀንሶለት ለሰነዱ ባለቤቶች ይደርሳል። ብድሮቹ ለባንኩ ሳይሆን ለልዩ ድርጅቱ እንዲሆኑ የሚደረገው፣ ባንኩ ራሱ ቢወድቅ ገንዘብ ጠያቂዎቹ እጃቸውን ወደ እነዚህ ብድሮች እንዳይዘረጉ ነው። አሠራሩ በአሜሪካ በሰፊው የተጀመረው ጂኒ ሜይ የተባለው የመንግሥት ተቋም እ.ኤ.አ. በ1970 ለመጀመሪያው ሰነድ ዋስትና ከሰጠ በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1985 ደግሞ የኮምፒውተር ኪራይ ክፍያዎች በዚሁ መንገድ ተሰባስበው ተሸጡ፤ የመኪና ብድርና የክሬዲት ካርድ ዕዳም ተከተሉ። ቤት ያልሆኑት በጥቅሉ በንብረት የተደገፉ ሰነዶች ይባላሉ።

ስለዚህ ከወለዱ መጠን በፊት ሊጠየቅ የሚገባው ባለዕዳዎቹ ከምን እንደሚከፍሉ፣ ክፍያቸው የሚዘገየው ወይም የሚፈጥነው በምን ምክንያት እንደሆነ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ብዙዎቹን በአንድ ጊዜ ከመክፈል ሊያግድ የሚችል አንድ ነገር መኖር አለመኖሩ ነው። የምትስማሙም የማትስማሙም ምክንያታችሁን ጻፉ።

(ምላሾቹ እየበዙ በመሄዳቸው ዘግይተው ለሚገቡ አንባቢዎች እንዲመች፣ የተባለውን በየቁጥሩ በራሴ ቃል ከዚህ በታች አስፍሬዋለሁ።)

1ኛ ምላሽ

ሽንብጥ የሚኖሩና በአንድ የቁጠባና ብድር ኅብረት ሥራ ማኅበር ሒሳብ የሚይዙ እህት፣ ካመሰገኑ በኋላ በትሕትና ጠየቁ። የቤቱ ዋጋ ከብድሩ እስከ በለጠ ድረስ ባለዕዳው ባይከፍል ቤቱ ተሽጦ ገንዘቡ ይመለሳልና፣ ኪሣራው በየት በኩል እንደሚገባ እንዲብራራላቸው ፈለጉ።

2ኛ ምላሽ

መልሱ የመጣው ዕድሜያቸውን በባንክ ብድር ክፍል ካሳለፉትና በመድረኩ ሁላችንም ጋሼ ከምንላቸው ጡረተኛ ነው። በእርሳቸው አገላለጽ በመያዣና በገንዘብ መካከል ጊዜ አለ፣ ጊዜውም ዋጋ ያስከፍላል። ቀደም ሲል በሥራ ላይ ሳሉ ያጋጠማቸውን አንድ ጉዳይ አነሱ፤ ባለሁለት ፎቅ መኖሪያ ቤት ለሐራጅ ወጥቶ በመጀመሪያው ጨረታ አንድም ተጫራች አልቀረበም። ቤቱ ጉድለት ኖሮበት አልነበረም። ቤተሰቡ ገና ከቤቱ ስላልወጣና የአካባቢው ሰው በጎረቤቱ ችግር ላይ ቆሞ ቤቱን መግዛትን እንደ ነውር ስለሚቆጥር ነበር። ቤቱ በመጨረሻ ሲሸጥ ወለዱ፣ ቅጣቱና የክርክሩ ወጪ ተደማምረው የዋጋውን ብልጫ በልተውት ነበር።

ጋሼ አንድ የሕግ ነጥብም አከሉ። በእኛ አገር መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ በመያዣነት የሚያዘው ቤቱና የሊዝ መብቱ ነው፤ በከተማ ቦታ ሊዝ አዋጅ ቁጥር 721/2004 መሠረትም የሊዝ መብቱ በመያዣነት የሚያገለግለው እስከዚያ ቀን በተከፈለው የሊዝ ገንዘብ ልክ ነው። ስለዚህ በደላላ አፍ የሚጠራው የቤት ዋጋና ባንክ በመያዣው ላይ ሊተማመንበት የሚችለው ዋጋ እንደማይገናኙ አሳሰቡ።

3ኛ ምላሽ

ከወረታ የጻፉት የሒሳብ ባለሙያ ሰነዱ በእርከን እንዴት እንደሚከፋፈል አስረዱ። ምላሻቸው እንደገና ሊነበብ የሚገባው ስለሆነ ሰፋ አድርጌ አቀርበዋለሁ። እያንዳንዳቸው 2 ሚሊዮን ብር የሆኑ 100 የቤት ብድሮች ተሰባስበው 200 ሚሊዮን ብር ሆኑ እንበል። በዚህ ላይ ሦስት ዓይነት ሰነድ ይወጣል፤ የላይኛው እርከን 160 ሚሊዮን፣ መካከለኛው 30 ሚሊዮን፣ የታችኛው 10 ሚሊዮን ብር ነው። የሚሰበሰበው ክፍያ በፎገራ ሜዳ ላይ እንደሚወርድ የመስኖ ቦይ ነው፤ ከላይ ያለው ማሳ ሳይጠግብ ወደ ታች አይወርድም፣ ውኃው ሲያንስ የሚደርቀው የመጨረሻው ማሳ ነው። ስለዚህም የታችኛው እርከን ከሁሉ የበለጠ ወለድ፣ የላይኛው ከሁሉ ያነሰ ወለድ ያገኛል።

ኪሣራው 10 ሚሊዮን ብር ቢሆን የታችኛው እርከን ሙሉ በሙሉ ይጠፋል፣ ሌሎቹን አይነካም። 24 ሚሊዮን ቢሆን መካከለኛው ከ30 ሚሊዮኑ 14 ሚሊዮን ያጣል፣ ማለትም ግማሽ ያህሉን። 50 ሚሊዮን ሲደርስ ግን ሁለቱ የታችኞቹ አልቀው የላይኛውም 10 ሚሊዮን ብር ይጎድልበታል። ጸሐፊው ያሰመሩበት ነጥብ፣ እርከን መሥራት ከጠቅላላው ኪሣራ አንዲት ብር እንኳ እንደማይቀንስና ኪሣራውን ማን አስቀድሞ እንደሚሸከም ብቻ እንደሚወስን ነው።

4ኛ ምላሽ

አንድ ወጣት በአጭሩ፣ ነገሩ እንዲህ ከሆነ የላይኛውን እርከን ገዝቶ መተኛት እንደሚበቃና ክርክሩ እዚሁ ሊዘጋ እንደሚችል ጻፈ።

5ኛ ምላሽ

ክርክሩ ግን አልተዘጋም። በሐይቁ ዳር ካሉት የዓሣ አስጋሪዎች ማኅበራት ጋር የሚሠሩ ሰው ለወጣቱ የሰጡት መልስ፣ በእኔ ግምት፣ በዚህ ክር ውስጥ ከተጻፈው ሁሉ የጉዳዩን ሥር የነካው ነው። በጣና ዙሪያ ለሚገኙ ለ100 ዓሣ አስጋሪዎች የጀልባና የመረብ ብድር ቢሰጥ፣ አንዱ ከባሕር ዳር፣ ሌላው ከዘጌ፣ ሌላው ከጎርጎራ፣ ሌላው ከደልጊ ስለሆነ መዝገቡን ከቢሮ ሆኖ ለሚያየው ሰው ብድሩ በብዙ ቦታ የተበተነ ይመስለዋል። ሁሉም የሚበሉት ግን ከአንድ ሐይቅ ነው። በ2004 ዓ.ም. እምቦጭ በሐይቁ ላይ መታየት ከጀመረ በኋላ አረሙ በሰሜንና በምሥራቅ ዳርቻ ሲስፋፋ፣ የጀልባ መውጫና የመረብ መጣያ የታጣው ለአንድ ሰው ሳይሆን ለመንደር ሙሉ ሰው ነበር። ዓሣው ለመራባት ወደ ገባር ወንዞች በሚወጣበት ክረምት በወንዝ አፍ ላይ ያለ ልክ ከተጠመደም በቀጣዩ ዘመን የሁሉም መረብ ይቀላል።

ከዚያም ነገሩን ወደ ቤት ብድር መለሱት። የባሕር ዳርን ሆቴል ሠራተኞች፣ አስጎብኚዎች፣ የጀልባ ባለቤቶችና ለእነርሱ ቤት የሚያከራዩትን ሰዎች በአንድ መዝገብ አሰባስቦ 100 የተለያዩ ባለዕዳዎች አሉኝ ማለት ራስን ማታለል እንደሆነ ጻፉ። ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ በጸጥታው ችግር ምክንያት ገዳማቱን ለማየት የሚመጣው እንግዳ ሲጠፋ የሁሉም ገቢ አብሮ ወድቋል፤ እንዲህ ባለ ጊዜ በሐራጅ የሚወጣው ቤትም ገዢ የሚያጣው በዚያው ምክንያት ነው። የላይኛው እርከን ገዢውን ከጉዳት የሚጠብቀው ኪሣራው እዚህም እዚያም እየተንጠባጠበ ሲመጣ ነው፤ በአንድ ላይ ሲመጣ አይደለም ሲሉ ደመደሙ።

6ኛ ምላሽ

በፖሊ ግቢ የሚያስተምሩ መምህር ይህንኑ ሐሳብ ይዘው ወደ አሜሪካ የቤት ብድር ቀውስ ወሰዱን። እንደ ገለጻቸው፣ ብድር ሰጪዎቹ ብድሩን ወዲያው ለሌላ ስለሚሸጡት የተበዳሪውን ገቢ ማረጋገጥ ትተው ነበር፤ የሰነዶችን አስተማማኝነት መዝነው ደረጃ የሚሰጡ ድርጅቶች ክፍያቸውን የሚያገኙት ከሰነዱ አውጪዎች ነበር፤ በስሌታቸውም የቤት ዋጋ በአገሪቱ ሁሉ በአንድ ጊዜ እንደማይወድቅ ታሳቢ አድርገው ነበር። ይባስ ብሎም ከብዙ የብድር ስብስቦች መካከለኛ እርከኖች ተወስደው እንደ አዲስ ስብስብ ተቆጠሩና ከእነርሱ ላይ ሌላ የላይኛ እርከን ተፈጠረ። መካከለኛ እርከኖቹ ሁሉ የሚጎዱት በአንድ ምክንያት በመሆኑ፣ እ.ኤ.አ. ከ2006 ጀምሮ የቤት ዋጋ ሲወርድ ከፍተኛ ደረጃ የተሰጣቸው ሰነዶች ተከታትለው ወደቁ። እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 7 ቀን 2008 የቤት ብድሮችን እየገዙ ሰነድ የሚያወጡት ፋኒ ሜይና ፍሬዲ ማክ በመንግሥት ሞግዚትነት ሥር ገቡ፤ ከስምንት ቀን በኋላ ሌማን ብራዘርስ የተባለው ትልቅ የኢንቨስትመንት ባንክ ከሰረ። እ.ኤ.አ. በ2010 የወጣው ሕግ፣ የተወሰኑ ብድሮችን ከግዴታው ነፃ ቢያደርግም፣ ሰነድ አውጪው ከአደጋው ቢያንስ 5 በመቶውን በራሱ ላይ እንዲያስቀር ያስገደደው ከዚህ ትምህርት ተነሥቶ ነው። መምህሩ የ4ኛውን ምላሽ ጸሐፊ በደግነት፣ ነገር ግን ሳያድበሰብሱ፣ ደረጃ የሌላ ሰው አስተያየት እንጂ ዋስትና እንዳልሆነ አስገነዘቡት።

7ኛ ምላሽ

የመድረኩ ቃና የተለወጠው እዚህ ላይ ነው። አንድ ተሳታፊ በቁጣ፣ ይህ ሁሉ ፈረንጆች የራሳቸውን ድሀ ለማራቆት የፈጠሩት ማጭበርበሪያ ስለሆነ ወደ አገራችን እንዳይገባ መከልከል እንጂ መማማር እንደማያስፈልገው ጻፈ። ስለ ጥቅሙ የሚናገሩትንም የባንክ ተላላኪዎች ብሎ ጠራቸው።

8ኛ ምላሽ

የፖሊው መምህር ስድቡን ትተው ለነገሩ ብቻ መለሱ፤ ቃላቸው ግን ጠንከር ያለ ነበር። በቤትና በመሬት መያዣ ላይ ሰነድ አውጥቶ መሸጥ የቅርብ ጊዜ ፈጠራ እንዳልሆነ፣ በፕሩሲያ በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በዳግማዊ ፍሬድሪክ ዘመን እንደተጀመረ፣ በዴንማርክም እ.ኤ.አ. በ1795 ኮፐንሃገን ከተቃጠለች በኋላ ከተማዋን መልሶ ለመሥራት እንደረዳ ገለጹ። በእነዚህ አገሮች ብድሩ ከአበዳሪው መዝገብ አይወጣም፤ ባለዕዳው ባይከፍል አበዳሪው ይጠየቃል፣ አበዳሪው ቢወድቅ ሰነዱን የያዘው ሰው በመያዣዎቹ ላይ የቅድሚያ መብት አለው። ያበደረው ተቋም የብድሩን ውጤት አብሮ እንዲሸከም ማድረግ ይቻላል፣ ልዩነቱን የሚፈጥረውም ይኸው ነው ሲሉ ተከራከሩ። እኔም በዚህ እስማማለሁ፤ ባንኮች ብድሩን ከመዝገባቸው ሳያወጡ የሚያወጡት እንዲህ ያለ ሰነድ ለእኛ ከአሜሪካው ቀድሞ ሊታሰብበት ይገባል።

9ኛና 10ኛ ምላሾች

ወሬው ወደ ቤት ኪራይ መወደድ አመራ፣ ከዚያም ወደ ባጃጅ ዞረ። በባጃጅ ብድር ላይ ሰነድ ማውጣት ይቻል እንደሆነ ለተጠየቀው፣ የሽንብጧ እህት በሥራቸው ያዩትን አካፈሉ። የተንቀሳቃሽ ንብረት የዋስትና መብት አዋጅ ቁጥር 1147/2011 እንዲህ ያለውን መያዣ ማስመዝገብ ቢያስችልም፣ ባጃጅ እንደ ቤት ሳይሆን በየወሩ ዋጋው ይወርዳል፤ የእንቅስቃሴ ገደብ በተጣለ ሰሞን ደግሞ የከተማው ባጃጅ ሁሉ በአንድ ቀን ይቆማል። ስለዚህ በንብረት በተደገፈ ሰነድ ብድሩ ከንብረቱ ዕድሜ ፈጥኖ ማለቅ እንዳለበት አስረዱ። የኪራዩን ጉዳይ በሌላ ክር እንድንቀጥል ጠይቄ ወደ ነገራችን ተመለስን።

11ኛ ምላሽ

ተወልደው ያደጉት ዘጌ የሆነና አሁን ሚኒሶታ የሚኖሩ ነርስ፣ እስካሁን የተነገረው ሁሉ ስላልተከፈለ ዕዳ መሆኑን ተመልክተው፣ የእርሳቸው ገንዘብ የወረደው ግን ሁሉም ባለዕዳ እየከፈለ ሳለ እንደሆነ ጻፉ። በአሜሪካ የቤት ብድር ብዙውን ጊዜ ለ30 ዓመት ወለዱ የማይለወጥ ነው፤ ባለዕዳው ግን በፈለገ ጊዜ አዲስ ብድር ወስዶ የቀድሞውን መዝጋት ይችላል። ወለድ ሲቀንስ ብዙዎች ይህን ስለሚያደርጉ የሰነዱ ባለቤት ገንዘቡ ያለ ጊዜው ይመለስለትና መልሶ የሚያስቀምጠው በዝቅተኛ ወለድ ይሆናል። ወለድ ሲጨምር ደግሞ ማንም ርካሽ ብድሩን ስለማይለቅ፣ በጥቂት ዓመት ይመለሳል የተባለው ገንዘብ ለረጅም ዘመን ታስሮ ይቀራል። የ30 ዓመት ብድር አማካይ ወለድ እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2021 እስከ 2.65 በመቶ ወርዶ ነበር፤ በኦክቶበር 2023 ወደ 7.79 በመቶ ወጣ። አዲሶቹ ሰነዶች የተሻለ ወለድ ስለሚከፍሉ፣ በርካሹ ዘመን የተገዛ ሰነድ፣ አንድም ባለዕዳ ሳያጓድል፣ ገበያ ላይ ዋጋው ክፉኛ ወረደ።

ለምሳሌ ያነሡት ሲልከን ቫሊ ባንክ የተባለውን የአሜሪካ ባንክ ነው። ባንኩ የደንበኞቹን ተቀማጭ በብዛት ያዋለው የመንግሥት ድጋፍ ባላቸው የቤት ብድር ሰነዶች ላይ ነበር። ደንበኞቹ ገንዘባቸውን ሲጠይቁ ሰነዶቹን በኪሣራ ከመሸጥ በቀር ምርጫ አጣ፤ እ.ኤ.አ. ማርች 10 ቀን 2023ም ተዘጋ። እህታችን እንዳሉት የመንግሥት ዋስትና ዋናውን ገንዘብና ወለዱን እንጂ ገንዘቡ የሚመለስበትን ጊዜ አይጠብቅም። ይህን ወደ እኛ ስናመጣው፣ በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ በሄደበት አገር ለረጅም ዓመት የማይለወጥ ወለድ መቀበል ምን ማለት እንደሆነ እያንዳንዱ ቆጣቢ ሊያስብበት ይገባል።

12ኛ እና 13ኛ ምላሾች

አንድ አዲስ ገቢ፣ በባሕር ዳር በሚሠሩ ቤቶች የተደገፈ በወር 5 በመቶ የሚከፍል ኢንቨስትመንት አለ ብሎ የስልክ ቁጥር አስቀመጠ። ቁጥሩን አጥፍቼዋለሁ። ጋሼ ግን በመድረኩ አይቻቸው በማላውቀው ቁጣ ተነሡ። ብድሮቹ የት እንደተመዘገቡ፣ ገንዘቡን የሚይዘው ማን እንደሆነ፣ ከኢትዮጵያ ካፒታል ገበያ ባለሥልጣን ምን ፈቃድ እንዳለው ጠየቁት፤ በካፒታል ገበያ አዋጅ ቁጥር 1248/2013 መሠረት ለሕዝብ የሚሸጥ ሰነድ አስቀድሞ በባለሥልጣኑ ሳይመዘገብና ዝርዝር መግለጫ ሳይቀርብለት ገንዘብ መሰብሰብ ወንጀል እንደሚሆን ነገሩት። በወር 5 በመቶ ትርፍ ለማስገኘት ከቤት ገዢው በዓመት ከ60 በመቶ በላይ ወለድ መሰብሰብ እንደሚያስፈልግ፣ ያንን የሚከፍል የቤት ተበዳሪም እንደሌለ አስልተው አሳዩ። ሰውየው አልመለሰም።

14ኛ ምላሽ

ሌላ ተሳታፊ በአክብሮት፣ ከወለድ ነፃ ለሚቆጥብ ሙስሊም በዚህ ነገር ውስጥ ቦታ መኖሩን ጠየቁ። የፖሊው መምህር እንደመለሱት፣ ሱኩክ የተባለው ሰነድ ባለቤቱን የዕዳ ሳይሆን የንብረቱና የኪራዩ ተካፋይ ያደርገዋል፤ ዕዳን ከመጠኑ ባነሰ ዋጋ መሸጥን ብዙ ሊቃውንት ስለማይፈቅዱ የአሠራሩ ልዩነት የስም ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1986 የተቋቋመውን የማሌዥያውን ካጋማስ ወለድ የሚከፍለውንም ሰነድ ሱኩኩንም ለሚያወጣ ተቋም በምሳሌነት ጠቀሱ። ጉዳዩ በዚህ ክር የሚያልቅ ስላልሆነ ጠያቂው ለብቻው እንዲከፍቱት ለምኛለሁ።

15ኛ ምላሽ

የመጨረሻው በከተማችን በጥብቅና ሥራ ላይ ያሉ እህት የጻፉት ነው። ሁላችንም ስለ ባለዕዳው ስናወራ ስለ አዲሱ የብድር ባለቤት ዝም ማለታችንን ነቀፉ። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ነው ባንኮች በመያዣ የያዙትን ንብረት፣ ለባለዕዳው ማስጠንቀቂያ ሰጥተው፣ የፍርድ ቤት ውሳኔ ሳይጠብቁ በሐራጅ የመሸጥ ሥልጣን ያገኙት። ይህ ሥልጣን የተሰጠው ግን ለባንክ ነው። ብድሩ ባንክ ላልሆነ ልዩ ድርጅት ቢተላለፍ ሥልጣኑ አብሮት ይሄዳል ወይስ አዲሱ ባለቤት እንደማንኛውም ገንዘብ ጠያቂ ፍርድ ቤት ሄዶ ዓመታት ይጠብቃል? በፍትሐ ብሔር ሕጉ መሠረት የቤት መያዣ በማይንቀሳቀስ ንብረት መዝገብ ላይ መጻፍ ስላለበት፣ 100 ብድር ሲተላለፍ 100 መያዣ በአዲሱ ባለቤት ስም እንደገና ይመዝገብ የሚባል ከሆነስ ወጪውን ማን ይሸፍናል? ሕግ አውጪው እነዚህን ሁለት ጥያቄዎች በግልጽ ሳይመልስ የሚወጣ ሰነድ፣ የባለዕዳዎቹ ገቢ የቱንም ያህል አስተማማኝ ቢሆን፣ ገዢው ዋጋውን ሊተምነው እንደማይችል ጽፈዋል። ጋሼም በዚህ ነጥብ ከእርሳቸው ጋር መስማማታቸውን ገልጸው፣ በየባንኩ የሕግ ክፍል የምትሠሩ ሰዎች በተለይ በመዝገብ ለውጡ ላይ በከተማችን ያለውን አሠራር እንድትጽፉልን ጠይቀዋል፤ ክሩም ለዚሁ ክፍት ነው።